የአባ ቦራ ኮርቻ

ጥር 5
ነቀምት ገባሁ። መንገድ ላይ፣ አኖ ከተማ ከአውቶቡስ ወርደን ሻይ ጠጣን። ድሮ እዚያ ሻይ ቤት በር ላይ ፈረስ ታስሮ አይጠፋም ነበር፤ ዛሬ ባጃጅ ብቻ። ያረፍኩት ታናሽ ወንድሜ ኤባ ቤት ነው። "አንቺ እኮ ፈረስ ሳትጨምሪ የሠርግ ጥሪ እንኳ መጻፍ አትችይም" ይለኛል። ይሳቅ። ሃያ ሁለት ዓመት የፈረስ ፊልም ጽፌ እንጀራዬን በልቻለሁ።

ጥር 7
ለአዲሱ ፊልሜ ቀረጻ ፈረስ ተገኘ። ቡርቃ ጃቶ ሰፈር ዳር፣ የኦቦ ጉደታ ጉራቻ፣ ጥቁር ፈረስ። ሰማንያ ያለፋቸው ሽማግሌ ናቸው። እሺ አሉኝ። ያ የፈረሱ አንገት…

ጥር 8
ጉድ ሠራሁ። የፊልሙን የለቅሶ ትዕይንት ለኦቦ ጉደታ ነገርኳቸው፦ ኮርቻው ላይ የሟች ካፖርት፣ ፈረሱን በለቀስተኛው መሀል ሲመሩት።
"ኢንተላ ኮ፣ ልጄ፣ እኔ እኮ አልሞትኩም።"
"ትወና ነው፣ ኦቦ…"
"ፈረሱ ትወና ያውቃል?"
የወለጋ ልጅ ሆኜ እንዴት ይህ ይጠፋኛል? የቁም ሰው ፈረስ ለለቅሶ ይመራል? አፈርኩ።

ጥር 9
ፕሮዲውሰሯ ሔለን ደወለች። "ያ ትዕይንት ከሌለ ፊልሙ የለም።" እኔስ? በሰባት ፊልም ጽፌው ሰባቴ ተቆርጦብኛል። ለምን ይሆን እንዲህ ሙጭጭ ያልኩበት… አውቀዋለሁ። አባዬ ሲቀበር ቦራ የሚባለው ፈረሱ ግቢ ታስሮ ዋለ። የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌዎች "ይሄ የድሮ ነገር ነው፣ ይቅር" ብለው። መዝሙሩ እየራቀ ሲሄድ ያሽካካ ነበር። ያኔ አሥራ አንድ ዓመቴ ነበር። ልፈታው ፈልጌ ፈራሁ።

ጥር 11
ኦቦ ጉደታን ይቅርታ ልጠይቅ ሄድኩ።
"የማን ልጅ ነሽ ግን?"
የአባዬን ስም ብናገር አላወቁትም። "አባ ቦራ" ስል ብድግ አሉ። እዚህ በፈረሱ ስም እንጂ በራሱ ስም ማን ያውቀዋል? በቀብሩ ቀን የሆነውን ሁሉ ነገርኳቸው።
"ታዲያ ለአባ ቦራ ነው አትይኝም? እሱ የእውነት ሞቷል። ለሞተ ሰው ፈረሴን አልከለክልም። ካፖርቱ አለ?"

ጥር 14
ጠዋት ኤባ ካፖርቱን ከሳጥን አወጣ። ኦቦ ጉደታ ኮርቻው ላይ አነጠፉት፤ ልጓሙን ለእኔ ሰጡኝ። እስከ መቃብሩ ሦስታችን ብቻ። ካሜራ አላስመጣሁም። ኤባ "አባ ቦራ፣ አባ ቦራ" እያለ ሙሾ ሲጀምር እኔም አልቻልኩም። ሠላሳ ሰባት ዓመት የቆየ ለቅሶ… አለቀስኩት።

ከሰዓት ሔለን ደወለች። ትዕይንቱን ከጽሑፉ አወጣሁት፣ ፊልሙ ይቅር ካልሽም ይቅር አልኳት።
"ምን ሆነሻል? ድምፅሽ ምንድን ነው?"
"አባቴን ቀብሬ መመለሴ ነው።"
ደነገጠች። "እግዚአብሔር ያጽናሽ" አለችኝ።
አሜን አልኳት።