የቅናሽ ማመልከቻዬን አላነሳም

ለተከበሩት አክስቴ ኡናሎቶ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎን እጠይቃለሁ። ጉልበትዎ እንዴት ሰነበተ? ሐኪሙ ያዘዘልዎትን ቅባት እየተቀቡት ነው ወይስ እንደ ወትሮው ለጎረቤት አደሉት? ባለፈው ማዕበል የተነሣው የጣሪያው ቆርቆሮ ተመታ? አሳማዎቹስ፣ በተለይ ያቺ አጥር የምትበረግደው፣ ደኅና ናት? እኛ እዚህ ሁላችንም ደኅና ነን። ባለቤቴ አካኔሲ ደኅና ናት፣ ልጆቹም ደኅና ናቸው። እኔም ከወገቤ በስተቀር ደኅና ነኝ፤ ወገቤን የሻንጣ ጭነት ስለወሰደው የኤርፖርቱ ንብረት ነው ብዬ ከራሴ ጋር መቁጠር ትቻለሁ። ሙቀቱ አሁንም አልበረደም። ትናንት እንደ አገራችን ወግ ለቤተ ክርስቲያን ወገቤ ላይ የታጠቅሁትን ሰሌን ስፈታ ከላብ የተነሣ ከሸሚዜ ጋር ተጣብቆ አካኔሲ በሁለት እጇ ነው የላጠችኝ።

የላኩት ትልቁ ሰሌን ደርሶኛል። መልእክትዎም ደርሶኛል። ሁለቱንም ያመጣችው በሁለቱ አገር መካከል የምትመላለሰው የሲኦኤሊ ሚስት ናት፤ ሰሌኑን በላስቲክ ጠቅልላ፣ መልእክቱን ግን ሳትጠቀልል፣ በቤተ ክርስቲያኑ ደጃፍ ሃያ ሰው እየሰማ። «አክስትህ እንዲህ ብለዋል» አለችኝ፤ «የድሃ ወረቀት መሙላትህን ሰምቻለሁ። የወንድሜ ልጅ በባዕድ መንግሥት ፊት ድሃ ነኝ ብሎ አይፈርምም። ይህን ሰሌን ሽጥና ሙሉውን ክፈል። ያንን ወረቀት እስክታነሳ ድረስ እናትህ የፓስፖርት ቢሮ ደጅ አትረግጥም።» ከጨረሰች በኋላ እንዳልረሳው ብላ ደገመችልኝ። ሃያዎቹ ሰዎች ግን በመጀመሪያው ጊዜ በደንብ ይዘውት ነበር።

አክስቴ፣ እርስዎ የአባቴ ታላቅ እኅት ነዎት። በቤታችን ከእርስዎ ቃል የሚበልጥ ቃል እንደሌለ የተማርኩት አፌን ሳልፈታ ነው። አባቴ ሲሞት ከራስጌው የተቀመጡት እርስዎ ነበሩ፤ ለቀብሩ ከመጣው ሰሌን ሁሉ ምርጡን መርጠው የወሰዱትም እርስዎ ነበሩ። እናቴ የተቀዳደደ የሐዘን ሰሌን እስከ ደረቷ ታጥቃ ከበስተኋላ ቆማ ነበር። ሥርዓቱ ነው፣ አልከፋኝም። ስለዚህ ይህን የምጽፈው ሥርዓቱ ጠፍቶብኝ እንዳይመስልዎት። ማመልከቻውን አላነሳም። ይህችን ቃል መጨረሻ ላይ ልደብቃት አስቤ ነበር፤ ነገር ግን ደብዳቤ ከመጨረሻው ጀምረው እንደሚያነቡ ስለማውቅ መሀል ላይ አስቀመጥኋት።

ነገሩ እንዴት እንደተጀመረ ከእኔው ይስሙት። በዚህ ዓመት ቅዳሜ ቅዳሜ በቤተ ክርስቲያናችን አዳራሽ የዜግነት ማመልከቻ የሚያስሞሉ ሰዎች ይመጣሉ። ለእኔ የደረሰችኝ ኦርቴጋ የምትባል ወጣት ጠበቃ ናት፤ አንድ ሳንቲም አትቀበልም፤ ለሻይ ስትጋበዝ እንኳ የራሷን ኩባያ ይዛ ነው የምትመጣው። የማመልከቻው ሙሉ ክፍያ ሰባት መቶ ስልሳ ዶላር ነው። ገቢው ከተወሰነ መጠን ያልበለጠ ሰው ግን ማስረጃ አያይዞ ቅናሽ ከጠየቀ ሦስት መቶ ሰማንያ ይከፍላል። ለዜግነቱ የምጣደፍበትን ምክንያት ያውቁታል። የመኖሪያ ፈቃድ ብቻ የያዘ ሰው እናቱን ማስመጣት አይችልም፤ ዜጋ ሲሆን ይችላል። እናቴ ሰባ አንድ ዓመቷ ነው። ኤዋ ደሴት ላይ ብቻዋን ናት፤ ባለፈው ዝናብ ወድቃ እስከ ማግስቱ ያወቀ ሰው አልነበረም።

ቅጹ በቤት ውስጥ ስንት ሰው እንዳለ ይጠይቃል። አሥራ አንድ ብዬ ጻፍሁ። ኦርቴጋ እስክሪብቶዋን አስቀመጠችና «አሥራ አንድ?» አለችኝ። አሥራ አንድ አልኋት። አንድ በአንድ ቆጠርሁላት፤ እኔ፣ አካኔሲ፣ ሁለቱ ልጆች፣ የአጎቴ ልጅ ከሚስቱና ከሦስት ልጆቹ ጋር፣ ከዚያ የአካኔሲ ሁለቱ የእኅት ልጆች። «የአጎትህ ልጅ እዚህ አይቆጠርም» አለች። «ገበታ ላይ ብታይው ሁለት ጊዜ ትቆጥሪው ነበር» አልኋት። አልሳቀችም። ሰባቱን ሰው በአንድ ቀይ መስመር ከቤት አስወጣቻቸው። አከራያችን ሦስት ዓመት ለፍቶ ያቃተው ሥራ ነው።

ቀጥላ አንድ ሠንጠረዥ አሳየችኝ። ለአራት ሰው ቤት፣ የዓመት ገቢው መቶ ሃያ ስምንት ሺህ ዶላር ገደማ እስኪደርስ ድረስ ቅናሹ ይፈቀዳል። እኔና አካኔሲ፣ የእኔ ሻንጣና የእሷ የአረጋውያን መጦሪያ ተደምረው ሰባ አንድ ሺህ እናገኛለን። «እንግዲህ ይሄ ነው የድሃው ወረቀት?» ብዬ ጠየቅኋት። «የድሃው ሌላ ነው፤ እሱ ጭራሽ አይከፍልም። ይሄ ሠርቶ የሚያድር ሰው ወረቀት ነው» አለችኝ። ይህችኛዋን ለእርስዎ የነገረዎት ያለ አይመስለኝም። የሲኦኤሊ ሚስት በዚያን ቀን ከአዳራሹ በር ላይ ቆማ ነበር፤ ግማሹን ነው የሰማችው፣ የላከችልዎት ደግሞ ሁለት እጥፉን።

ማስረጃ ብላ የግብር ወረቀታችንን ስታገላብጥ ለቤተ ክርስቲያን የሰጠነውን አየች። «ባለፈው ዓመት ለቤተ ክርስቲያን አራት ሺህ ሁለት መቶ ዶላር ሰጥተህ የመንግሥት ሰባት መቶ ስልሳ በዛብኝ ትላለህ?» አለችኝ። «አዎ፤ መንግሥት ስሜን በድምፅ ማጉያ አያነብልኝም» አልኋት። የቀለድሁ መስሏት ቀና ብላ ፊቴን አየችና ጽሑፏን ቀጠለች።

ደግሞ እውነቱን ሁሉ ልንገርዎት። ባለፈው ዓመት በስጦታው እሑድ ስሜ ተጠርቶ ሁለት ሺህ ዶላር ሲነበብ በስልክ ሰምተው አልቅሰው ነበር። ሁለቱን ሺህ ያበደረኝ ከጎማ መሸጫው አጠገብ ያለው አበዳሪ ነው። ስሙ ከወለዱ ያምራል። እስከዚህ ዓመት ሰኔ ድረስ ስከፍለው ነበርሁ፤ በእነዚያ ወራት ለእናቴ የምልከውን ግማሽ አደረግሁት። ያኔ ማንም፣ እርስዎም ጭምር፣ ድሃ ሆነ አላለኝም። ስሜ በጉልህ ተነቧላ።

እኔም አፍሬ ነበር፤ አላፈርሁም ብዬ አልዋሽዎትም። ቅጹን ከሞላሁ በኋላ ሦስት ሳምንት ሙሉ ፍሪጅ ላይ ተቀምጦ ነበር። እንግዳ ሲመጣ አንስቼ የዳቦ መጋገሪያው ውስጥ እደብቀዋለሁ። አንድ ቅዳሜ ጠዋት አካኔሲ ሳታይ እሳቱን ለኩሳ ጠርዙ ሊቃጠል ሲል አወጣችው። ወንበር ስባ ፊት ለፊቴ ተቀመጠችና «ስማ፣ አንተ አስተማሪ የነበርክ ሰው ነህ፤ አስረዳኝ» አለችኝ። «እናትህ እዚያ በባልዲ ውኃ ትሸከማለች፣ አንተ እዚህ ቁጭ ብለህ ስምህን ትወለውላለህ። ይሄ የትኛው ትምህርት ቤት ነው የሚሰጠው?» ጠርዙ የነደደውን ገጽ እንደገና ሞልቼ ሰኞ ዕለት በፖስታ ላክሁት። የኢሚግሬሽን መሥሪያ ቤቱ መቀበሉን የሚያረጋግጥ ደብዳቤ መጥቷል። ድሃ የሚል ቃል ፈለግሁበት፤ መነጽሬን አድርጌም ፈለግሁ። ስሜና አንድ ረጅም ቁጥር ብቻ ነው ያለው።

መልእክትዎ ከደረሰኝ በኋላ ማንሳት ይቻል እንደሆነ ኦርቴጋን ጠይቄያታለሁ። ይቻላል ብላኛለች። ስለዚህ የማላነሳው አልሆን ብሎኝ አይደለም።

ትናንት ደግሞ የዘንድሮው የስጦታ እሑድ ነበር። ቤተሰብ በቤተሰብ እየተጠራ፣ የሴቶቹ መዝሙር እያጀበው፣ ወደ ጠረጴዛው ይሄዳል። ገንዘቡን የሚቀበለውና የሚያነበው መጋቢው ታኒየላ ነው፤ ድምፁ ባይኖር ኖሮ ግማሹ ስጦታ አይሰጥም ነበር። ተራዬ ሲደርስ መቶ ዶላር አስቀመጥሁ። ታኒየላ ፖስታውን ከፍቶ አየና ድምፅ ማጉያውን በመዳፉ ሸፈነ። «ኢኖኬ፣ አንድ ዜሮ ረስተሃል» አለኝ። አልረሳሁም አልሁት። «ሰው ይሰማል እኮ።» «ለዚያ አይደል የምታነበው?» ትንሽ አየኝና አነበበው። የኢኖኬ ቤተሰብ፣ መቶ ዶላር። የሴቶቹ ማራገቢያ ሁሉ ባንዴ ቆመ። እውነት ለመናገር ወደ ወንበሬ የተመለስሁበት መንገድ ከኤርፖርቱ ማኮብኮቢያ ይረዝም ነበር። ከኋላ ወንበር አሮጊቷ ሜሊያሜ ለጎረቤቷ ቀስ ያለች መስሏት «የዘንድሮው እንኳ የራሱ ነው» ስትል ሰማኋት። የአበዳሪውን ደጅ እሷም ታውቀዋለች ማለት ነው።

በምሳው ሰዓት ታኒየላ ሳህኑን ይዞ አጠገቤ ተቀመጠ። በጎደሬ ቅጠል ተጠቅልሎ በኮኮናት ወተት የበሰለውን የቆርቆሮ ሥጋ ቆርሶ እየጎረሰ «የድሃ ወረቀት አስሞሉህ አሉ» አለኝ። ሠንጠረዡን ከኪሴ አውጥቼ ከሳህኑ አጠገብ ዘረጋሁለት። ለረጅም ጊዜ አነበበው። አንባቢ ሰው ነው፤ ያንን ግን ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነው ያነበበው። ባለፈው ክረምት ለራሱና ለሁለት ጎልማሳ ልጆቹ ሙሉውን ከፍሏል፤ ሦስቱም ከዚያ መስመር በታች ናቸው። «ሦስት ሰው» አለ። ሦስት ሰው አልሁት። ማኘኩን አቆመ። ወደ መስኮቱ እያየ፣ «ጠበቃዋ ቅዳሜ በስንት ሰዓት ነው የምትገባው? ለሚስቴ ነው» አለኝ። ሦስት ሰዓት ላይ አልሁት። «ካንተ ጋር መጣሁ እንዳትል» አለኝ። ይኸው አላልሁም፤ ለእርስዎ ብቻ ነው የጻፍሁት።

ስለ ሰሌኑ። ሶልት ሌክ ከተማ ለሠርግ ሰሌን የሚፈልጉ ያገራችን ሰዎች ደውለውልኝ ነበር፤ የሰጡኝ ዋጋ ሙሉውን ክፍያ ከፍሎ ብዙ ይተርፍ ነበር። ሳሎን ውስጥ ዘርግቼ አየሁት። እናቴ አሥራ አራት ወር የታታችው ነው። የትኛው ጥግ ላይ ዓይኗን እንዳመማት እኔ አውቃለሁ፤ አጠገቧ ተቀምጬ የቤት ሥራዬን የምሠራው እኔ ነበርሁ። አባቴን ስንቀብር ለእርስዎ የተሰጠው በሥርዓቱ ነው። የእኔን እፍረት ለመክፈል ግን አይሸጥም፤ እርስዎ ቢያዙም አይሸጥም። ለመስጠት ልብዎ እንዴት እንደታመመ ሳልገምት ቀርቼ አይደለም፤ ለእኔ ብለው ነው፤ እግርዎን ስሜ እመልሰዋለሁ። የሲኦኤሊ ሚስት ሐሙስ ስትመለስ ይዛው ትመጣለች፤ ይህንንም ደብዳቤ እንደዚሁ። ደብዳቤውን አሽጌዋለሁ፤ ከፍታው ከመጣች ያኔም ያው ሁለት እጥፉን ይሰማሉ።

አንድ ነገር ቀርቷል። ለእናቴ ደውዬ ፓስፖርቷን እንድታሳድስ ነግሬያታለሁ። «አክስትህስ?» አለችኝ። ለአክስቴ እኔ እጽፋለሁ አልኋት። «እንግዲያው እኔ ጀልባዋ ላይ ከወጣሁ በኋላ ይድረሳቸው» አለች። ይህን አንዱን ግን አልታዘዝኋትም። ተደብቃ እንድትመጣ አልፈልግም። በሰባ አንድ ዓመቷ ከማንም ተደብቃ መሄድ የለባትም፤ ስለዚህ እርስዎ አስቀድመው እንዲያውቁት ብዬ ይህ ደብዳቤ ቅዳሜ እንዲደርስዎ አድርጌያለሁ። እሷ የምትሻገረው ከዚያ ቅዳሜ በኋላ ባለው ማክሰኞ ነው። የፓስፖርት ቢሮው ባለበት በኑኩአሎፋ ከእርስዎ ቤት በቀር የምታውቀው ቤት የላትም። በርዎን መዝጋት ይችላሉ፤ ሥልጣኑ አለዎት፣ እኔም አልነጥቅዎትም። እሷ ግን ታንኳኳለች።

ለልጅዎ ለፌሌቲ ሰላምታዬን ያድርሱልኝ፤ የጠየቀኝን የራግቢ ጫማ ቁጥሩን በትክክል ይላክልኝ፣ «ትልቅ» የሚባል ቁጥር እዚህ አይሸጥም። ለሚስቱና ለአዲሷ ሕፃን ሰላም ይበሉልኝ፤ ፎቶዋን አይቻለሁ፣ አፍንጫዋ የእርስዎ ነው፣ ስለዚህ ወደፊት ሁላችንንም ታዝዘናለች። ለጎረቤትዎ ለሽማግሌው ቄስ ሰላምታ ያቅርቡልኝ፤ ስለ እኔ ከጸለዩ ለወገቤም ይጨምሩበት። አካኔሲና ልጆቹ እጅዎን ይስማሉ። ለእናቴም በዚህ ደብዳቤ ሰላምታ ልኬያለሁ፤ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ በሩን ሲከፍቱላት እርስዎ ራስዎ ያድርሱልኝ።

የወንድምዎ ልጅ
ኢኖኬ

ዩለስ፣ ቴክሳስ
ሰኞ፣ ሴፕቴምበር 15 ቀን 2025