ጣሪያችንን አፍርሰው «ጣሪያ የለውም» ላሉን ኃላፊ

ለክቡር አቶ ገሠሠ
የወረዳችን የትምህርት ቤቶች ፈቃድ ኃላፊ

ክቡርነትዎ፣ ጤናዎ እንዴት ነው? ባለፈው ቀጠሮ ጉንፋን ስለያዘዎት ችሎት መቅረብ እንዳልቻሉ ጠበቃዎ ሲናገሩ ሰምቼ እጅግ አዝኜ ነበር፤ በዚያው ዕለት ጎፋ ሰርግ ቤት እስክስታ ሲመቱ ያየዎት ሰው መዳንዎን ስላበሰረኝ ደግሞ ደስ ብሎኛል።

ለማያውቀኝ አንባቢ፣ ፀሐይወርቅ እባላለሁ። ዕድሜዬን በመንግሥት ትምህርት ቤት አስተምሬ ጡረታ ስወጣ፣ መካኒሳ ግቢዬ ውስጥ የጭቃ ክፍሎች ሠርቼ የሰፈሩን ሕፃናት ላስተምር ተነሣሁ። ክቡርነትዎም ብዙ ውለታ ስለዋሉልኝ ምስጋናዬን በአደባባይ ላቀርብ ወደድኩ።

አንደኛ፣ ለልጆቻችን ሥነ ምግባር ስላሰቡልን አመሰግናለሁ። ፈቃድ ስጠይቅዎ «አጠገቡ ጠጅ ቤት አለ» ብለው ከለከሉኝ። ጠጅ ቤቱ የተከፈተው ከማመልከቻዬ በኋላ እንደሆነ፣ የከፈተውም የእህትዎ ባል እንደሆነ ባስታውስዎ «እሱ ሕጋዊ ነው፤ አንቺ ነሽ ሕገ ወጧ» አሉኝ። እናትዎን የምታህለውን ሴት «አንቺ» ማለትዎን እንደ ቅርበት ቆጥሬዋለሁ። ከሰስኩዎት፤ ፍርድ ቤቱም ክርክሩ እስኪያልቅ እንዳስተምር፣ እርስዎም እንዳይነኩኝ የእግድ ትእዛዝ ሰጠ።

ሁለተኛ፣ ስለ ጉብኝትዎ አመሰግናለሁ። ረቡዕ ጠዋት ልጆቹ ክፍል ገብተው ሳለ፣ ታጣቂዎችና ዲጂኖ የያዙ የቀን ሠራተኞች አስከትለው መጡ። እግዱን በር ላይ ቆሜ አሳየሁዎት። «ይሄ ወረቀት ግድግዳ ደግፎ ያቆም እንደሆነ እናያለን» ብለው ለሠራተኞቹ በአገጭዎ ምልክት ሰጡ። «ቆዩ! ልጆቹን ላውጣ!» እያልኩ ስጮህ ዲጂኖው የአንደኛ ክፍልን ማዕዘን ሰንጥቆት ነበር። ጭቃው ከነጭዱ በልጆቹ ላይ ወረደ። የተላቀቀ ቆርቆሮ የገላኔን ግንባር እስከ ቅንድቧ ቀደደው። ሰባት ዓመቷ ነው፤ ደሟ አፏ ውስጥ እየገባ «እትዬ፣ እማዬን ጥሪልኝ» ትል ነበር።

መምህራችን ፈየራ ልጆቹን ሁለት ሁለት እያቀፈ በመስኮት ያወጣ ነበር። የቀሩትን ሊያወጣ ሲመለስ ታጣቂዎ «ውጣ ተብለሃል!» ብሎ በሰደፍ ፊቱን መታው። ወደቀ፤ ወድቆም ተረገጠ። እሱ ግን በደረቱ እየተሳበ ገብቶ የመጨረሻዎቹን ሁለት ልጆች በእግራቸው ጎትቶ አወጣቸው፤ ግድግዳው የተናደው ከዚያ በኋላ ነው። ግራ ዓይኑ በዚያ ጠዋት ፈሰሰ። እርስዎ መኪናዎ ውስጥ ተቀምጠው መስታወቱን ዘጉት፤ አቧራው አስቸግሮዎት ይሆናል።

መስታወቱን በድንጋይ የሰበርኩት እኔ ነኝ። ሁለተኛውን ድንጋይ ለጭንቅላትዎ አንስቼ ነበር፤ ታጣቂው ክንዴን ጠምዝዞ ሰበረው እንጂ። ዳኛው ሲጠይቁኝ አልካድኩም፤ ዛሬም አልክድም። ክንዴ አብጦ ፖሊስ ጣቢያ ሲሚንቶ ላይ ታስሬ ተኝቼ የቆጨኝ ድንጋዩን ለመወርወር መዘግየቴ ብቻ ነበር።

ሦስተኛ፣ በዚህ ሁሉ ግርግር መሀል ማመልከቻዬን አለመርሳትዎ ገርሞኛል። ከእስር ስወጣ የጠበቀኝ መልስዎ «ቤቱ ጣሪያና ግድግዳ የሌለው በመሆኑ ፈቃድ ሊሰጠው አይችልም» ይላል። ዳኛው ይህን ጮክ ብለው ሲያነቡ ችሎቱ በሳቅ ፈረሰ። የገላኔ እናት ግን አልሳቀችም። ተነሥታ «ጌታዬ፣ ያፈረሰውስ ይሄንኑ የፈረመው ሰው አይደል?» አለች። ፖሊሱ «ተቀመጪ!» ሲላት ዳኛው «ተዋት» አሉት።

እንደሚያውቁት ፍርድ ቤቱ ፈቃዱን እንዲሰጡን፣ ክፍሎቹንም መልሰው እንዲያሠሩ ወስኗል። እስከዚያው ፍርስራሹ ላይ ሸራ ወጥረን እናስተምራለን። አንድም ወላጅ ልጁን አላስቀረም። አባቶችና እናቶች ግን በር ላይ ተራ ገብተው ይቆማሉ፤ ከፊሉ ዱላ፣ ከፊሉ አካፋ ይዟል። ይህን የምነግርዎ እንዳይደነግጡ ብዬ ነው። ፈቃዱን ይዘው ሲመጡ ብቻዎን ይምጡ፤ በእግርዎ ይምጡ፤ እጆችዎም ከሩቅ ይታዩ።

ቀኝ ክንዷ ገና ስላልዳነ በግራ እጇ የምትፈርመው፣ የሥልጣንዎን ክብደት በአጥንቷ የመዘነችው፣ ውለታዎን እስክትመልስ እንቅልፍ የማይወስዳት

ፀሐይወርቅ
መካኒሳ፣ ግንቦት ፲፱፻፺ ዓ.ም.

ድኅረ ጽሑፍ፦ ትናንት ከመሥሪያ ቤትዎ አዲስ ጥያቄ ደርሶናል፤ አንድ ዓይን ብቻ ያለው መምህር ለማስተማር ብቁ መሆኑን በሐኪም አስመስክሩ ይላል። ፈየራ ሄዶ ተመረመረ። ሐኪሙ «ዓይንህን ምን ነካው?» ሲለው የእርስዎን ስም እስከ አያትዎ ጠራለት። ሐኪሙም እንደ ነገረው ጻፈው፤ ማኅተም አለበት።