በቀን የምትነክሰው

ለምትናፍቂኝ እናቴ፤

እንደምን ከርመሻል? ብርድ ሲሆን የሚያስነክስሽ ቀኝ እግርሽ ታገሰሽ ወይ? አባዬስ ሳሉ ለቀቀው? የእኔን ከጠየቅሽ፣ እግሬን እያከክሁ በእጄ እያጨበጨብሁ በአምላክ ቸርነት አለሁ። የማጨበጭበው ቢምቢ ልገድል እንጂ ደስታ አግኝቼ አይደለም። ጎረቤታችን ልብስ ሰፊዋ ግን ግድግዳውን እየደበደበች «እናንተ ቤት ደግሞ ዘወትር ሰርግ ነው!» ትለኛለች።

ሰርግስ የለም። ምራትሽ ታማ ተኝታለች። ትኩሳቱ በረድ ሲልላት መገጣጠሚያዋን ይቆረጣጥማታል። እኔም አንዴ ውሃ፣ አንዴ እርጥብ ጨርቅ እያልሁ መቀመጫ አጥቻለሁ። መጽሐፍ እገልጥና ያንኑ መስመር ሦስት ጊዜ አንብቤ እከድነዋለሁ።

እናንተ «ወባ ነው» ብላችሁ፣ ታናሽ እህቴን ችኩሌን አጎበር አስይዛችሁ ለማስታመም ልትልኩልኝ ነው አሉ። እማዬ፣ በእኛ ቤት ትኩሳት ሁሉ ወባ ነው፤ አባዬን ጥርሱ ባበጠ ጊዜም ወባ ነው ብለሽው ነበር። ይህኛው ግን ደንጊ ይባላል። የምታስተላልፈው ቢምቢ እግሯ ዥንጉርጉር ነው፤ ሰው እንደ ወጉ ሥራ ላይ ሳለ በጠራራ ፀሐይ ትነክሳለች። ታዲያ ችኩሌ ያን የሰባት ወር ሆዷን ይዛ፣ አጎበር ውስጥ ተቀምጣ ወጥ ልትሠራልን ነው? ሐኪሙም «እርጉዝ ሴት ወደዚህ ሰፈር ዝር እንዳትል» ብሎኛል።

ቢምቢዋ የምትፈለፈለው እኔው ከምሠራበት ጎሚስታ ጓሮ፣ አሮጌ ጎማ ውስጥ ካቆረ የዝናብ ውሃ ነው። ውሃውን ልድፋው ብለው አለቃዬ «ጎማ ሲነፋ የኖረ ሁሉ ዛሬ ዶክተር ሆኖ ቁጭ አለ!» አለኝ። ደፋሁት፤ ዘነበ። ደግሜ ደፋሁት፤ ደግሞ ዘነበ። ከሰማይ ጋር እልህ ተጋብተናል።

ምራትሽ ዛሬ ሾርባ ጠጥታ፣ ጨው አነሰው ብላ ተቆጥታኛለች። እየተሻላት ነው መሰለኝ።

አባዬን ጉልበቱን ሳሚልኝ። እስከ ዛሬ «አንተ ልጅ» ለምትለኝ አክስቴ ልጁ ሸብቷል በያት። ታላቅ ወንድሜን ከነልጆቹ ሰላም በይልኝ። ለችኩሌ ግን ሰላምታ አልላክሁም። ይህን የምታነብልሽ እሷ መሆኗን አውቃለሁ፤ እዚህ ስትደርስ ድምጿ ይለወጣል። ታኩርፈኝ። ልጇን ታቅፋም ታኩርፈኝ። መቼም ሰው ወዳኮረፈው ቤት ጓዙን ሸክፎ አይሄድም።

ልጅሽ

ከጎሚስታው ጓሮ፣ ነሐሴ ፲፩ ቀን