ሦስት ስም ያላቸው ኮከቦች

ሰኞ

ዛሬም አልወጣልኝም። አንድ ገጽ ብቻ! አዲሱ ክልል ለልጆቹ በሚያዘጋጀው የሳይንስ መጽሐፍ ውስጥ የሰማዩ ክፍል ለእኔ ደርሶኛል። ፀሐይን ጨረስኩ፣ ጨረቃን ጨረስኩ። ያስቸገረኝ በዚህ ሰሞን ፀሐይ እንደጠለቀች በምዕራብ በኩል የሚታየው የኮከቦች ስብስብ ነው።

የበርታ ሰዎች በቋንቋቸው «ወርቅ አጣቢዎቹ» ይሏቸዋል፤ ጅረት ላይ ያጎነበሱ ሴቶች ይመስላሉ። ከማንቡክ የመጣው መምህር ደግሞ «በእኛ በጉሙዝ ንቦቹ ናቸው» አለኝ። አባባ «ማኅበርተኞቹ» ነው የሚላቸው። ከወሎ ይዞት የመጣው ስም ነው።

ኃላፊያችን ግን ቁርጥ አድርጎ ተናገረ። «አንድ ስም አምጪ። ሦስት ከጻፍን ፈተና ላይ የቱን ልንጠይቅ ነው?»

ማክሰኞ

አባባ ከሰፈራ መንደሩ እኔ ጋ ከተማ መጣ። ገና ሳይቀመጥ «ብርቄ፣ መሄዴ ነው» አለ።

ወደ ወሎ። መንግሥት ከተለወጠ ወዲህ ጎረቤቶቹ አንድ በአንድ ተመልሰው አልቀዋል። ቅዳሜ የጭነት መኪና አለ። «አብረሽኝ ትሄጃለሽ?» አለኝ። ቡና ልጥድ ተነሣሁ። እሱም አልደገመውም።

በድርቁ ጊዜ ስንመጣ ልጅ ነበርኩ። ከመኪና ያወረዱን ሣሩ ከእኔ በላይ የሚረዝምበት ቦታ ነው። እማዬ መሬት ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። ጊዜው እየመሸ ነበር። አባባ ትከሻው ላይ አወጣኝና ወደ ምዕራብ ጠቆመ። «አየሻቸው? ማኅበርተኞቹ ቀድመውን ደርሰዋል!» ሳቅኩ። እማዬም እንባዋን ሳትጠርግ ሳቀች።

በዚያው ክረምት ወባ ወሰዳት። ፊቷ እየጠፋብኝ ነው፤ ያ ሳቋ ግን እስከ ዛሬ ይሰማኛል።

ረቡዕ

የሳይንሱ ክፍል ወጣልኝ! እንዲህ ጻፍኩ፦ እነዚህ ኮከቦች ከአንድ የጋዝና የአቧራ ደመና አብረው የተወለዱ ናቸው። ትልልቆቹ ነዳጃቸውን ቶሎ ይጨርሳሉ፣ ትንንሾቹ ይቆያሉ። ስለዚህ የትኞቹ እንዳለቁና የትኞቹ እንደቀሩ ያየ ሰው የሁሉንም ዕድሜ መገመት ይችላል። ሊቃውንት ስለ ኮከቦች ዕድገት ብዙ የተማሩት እንዲህ ካሉ ስብስቦች ነው።

ለአባባ አነበብኩለት። «እኩዮች ናቸው በይኛ» አለ። በቃ፣ ገባው።

የስሙ ነገር ግን እንዳለ ነው። የአባባም።

ሐሙስ

አባባን ሐዋን እንዲሰናበት ወሰድኩት። ሐዋ ከመንጌ የመጣች የበርታ ሴት ናት። እማዬ ከሞተች በኋላ አባባ እርሻ ሲውል እኔ የዋልኩት፣ የበላሁት፣ ራሴን የተሠራሁት እሷ ቤት ነው። አማርኛዋ እስከ ዛሬ ወንድና ሴት አይለይም፤ እኔም ከልጅነቴ ጀምሮ «አንተ» ነኝ።

ስለ ኮከቦቹ ጠየቅኳት።

«እነሱ ሲጠፋ ዝናብ ይመጣል። ወንዝ ይሞላል። ያኔ እናቴ ገበቴ ይዞ ወርቅ ለማጠብ ይሄዳል፣ እኔ ከኋላ።»

እናቷ ወርቅ እያጠበች የምትዘፍነውን አንጎራጎረችልን። ግማሹን ረስታዋለች። የረሳችው ላይ ስትደርስ በእጇ ብቻ ገበቴውን እንደማዞር ታደርጋለች። አባባ አቀርቅሮ ሰማት። ልንወጣ ስንል እጇን ይዞ መልቀቅ አቃተው።

«ልጄን...» ብሎ አቋረጠ።

«እሱ ልጄ ነው» አለች ሐዋ ወደ እኔ እያየች።

አባባ እንደማልሄድ ያወቀው ያን ጊዜ ይመስለኛል።

ዓርብ

ሦስቱንም ስም ጽፌ ስብሰባ ገባሁ። ኃላፊው ተቆጣ፤ ብዕሩን አወጣና «ማኅበርተኞቹ» የሚለውን ሰረዘው።

«ይሄ የሰፋሪ ስም ነው። መጽሐፉ የክልሉ ነው።»

«እኔስ የማን ነኝ?» አልኩ።

የማንቡኩ መምህር ጉሮሮውን ጠረገ። «ልጁ ማታ ደጅ ወጥቶ አባቱ የነገረውን ስም መጽሐፉ ላይ ካጣው፣ አባቴ አያውቅም ይላል። የእሷም ልጅ፣ የእኔም ልጅ።»

ብዙ ተከራከርን። በመጨረሻ ሦስቱም እንዲገቡ ተስማማን፤ ፈተናው ላይ «እናንተ ጋ ምን ይባላሉ?» ተብሎ ይጠየቃል። ምሳዬን ሳልበላ ሮጬ ለአባባ ነገርኩት።

«መጽሐፍ ላይ?» አለ። ሻንጣውን እያሰረ ነበር። ገመዱን ለቀቀና እንደገና «መጽሐፍ ላይ?»

ቅዳሜ

ሄደ።

በሶና ማንጎ ቋጠርኩለት። ማንጎው ወሎ ሳይደርስ እንደሚበሰብስ ሁለታችንም እናውቃለን። ሾፌሩ ጋቢና አስገባው፣ እግዜር ይስጠው።

«ተቀይሜሽ አይደለም» አለኝ በመስኮቱ። «እናትሽን ብቻዋን ትቻት ከምሄድ አንቺ ብትኖሪላት ይሻላል። የመቃብሯን አጥር ምስጥ በልቶታል፤ በቀርከሃ አሳጥሪላት።»

እሺ አልኩ። መኪናው በባምባሲ መንገድ አቧራውን አስነስቶ ጠፋ።

እሑድ

ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ ሐዋ ሰሌኗን ጠቅልላ በሬ ላይ ተቀምጣለች። አልጠራኋትም። ገብታ ከአልጋዬ አጠገብ ዘረጋችው።

«ስንት ቀን ትቆያለሽ?»

«እኔ እንጃ። አንተ ማልቀስ እስኪተው።»

እስከዚያ ድረስ አላለቀስኩም ነበር።

አባባ የት እንደደረሰ አላውቅም። ነቀምት ያለፈ ይመስለኛል። ሐዋ ወጥ እየሠራች ነው፤ ጨው ታበዛለች። ምንም አልላትም።