ከበራፌ ላይ ዓይኑን ለማይነቅለው ካሜራዎ

ለክቡር ሚስተር ግሌን ኦስተርማን
የሜፕል ሪጅ ሰፈር ነዋሪዎች ማኅበር ሊቀመንበር
ኦሃዮ

ክቡር ሆይ፣ ከነመላው ቤተሰብዎና ከነካሜራዎ ጤና ይስጥልኝ። ከቤትዎ ትይዩ የምኖረው ሎይስ ቴናንት ነኝ፤ ስሜን የጠቀስኩት ለወጉ ያህል ነው እንጂ ቆሻሻ የማወጣበትን ቢጃማ ሳይቀር ያውቁታል።

አንደኛ፣ ከጋራዥዎ በላይ የሰቀሉት ካሜራ የራስዎን ግቢ ትቶ የእኔን በራፍና መስኮት ስለሚጠብቅልኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው። ትንሽ ዘወር እንዲያደርጉልኝ በለመንኩዎት ጊዜ «ሎይስ፣ የምትደብቂው ነገር ከሌለ ምን አስጨነቀሽ?» ብለው ስለሳቁብኝ አፍሬ ተመለስኩ። የምደብቀው ግን ነበረኝ።

ሁለተኛ፣ የምደብቀው ልጄን ሬናን ነበር። ባሏ ክሌይ ክንዷን ሲሰብራት፣ የምትሄድበትን ለማንም ሳትናገር ከኬንታኪ እኔ ዘንድ ሸሽታ መጣች። በራፌ ላይ ቆማ ስትጠብቀኝ ካሜራዎ ቀረጻት። እርስዎም ከዚህ በፊት አይተዋት ስለማያውቁ፣ እንደ ሰፈራችን ልማድ ምስሏን በማኅበሩ የኢንተርኔት ገጽ ላይ ለጥፈው «ጎበዝ፣ ይህቺን ሴትዮ የሚያውቃት አለ? ሁኔታዋ አላማረኝም!» ሲሉ ጠየቁ። ምስሉን አንዱ ለሌላው ሲያሻግር ክሌይ ዘንድ ደረሰ፤ ቤቴን አይቶት የማያውቀው ክሌይም እንዲህ ሲል መለሰልዎ፦ «እኔ አውቃታለሁ፣ ሚስቴ ናት። በጣም ተጨንቀን ስንፈልጋት ነበር። ቤቱ የት ነው?»

ሦስተኛ፣ «ተመስገን! ከእኔ ቤት ፊት ለፊት፣ አረንጓዴ በር ያለው ነው፤ ብቅ በል» አሉት። ለተጨነቀ ባል እንዲህ ማዘንዎ የደግነትዎ ምስክር ነው። መንገዱን ተሻግረው እኔን መጠየቅ ግን እንዴት ከበደዎት? እኔ ገጹን የከፈትኩት ሁለታችሁ ተጻጽፋችሁ ካበቃችሁ በኋላ ነው። ሬና አሁን መጋረጃ አታስነካም፤ የመኪና ድምፅ በሰማች ቁጥር ማንኪያዋን አስቀምጣ ትነሳለች። ፈርቻለሁ፣ ሚስተር ኦስተርማን። ልጄን እንዳይገድልብኝ ፈርቻለሁ።

ትጋትዎ ለአፍታም ያልተለየኝ፣
ውለታዎን እስከ ዕለተ ሞቴ የማልረሳ ጎረቤትዎ፣
ሎይስ ቴናንት

ከፊርማ በኋላ የተጨመረ፦ ክሌይ አሁን መጥቶ ፒክአፑን ከቤትዎ ደጃፍ አቁሟል። ፖሊስ ጠርቻለሁ፤ ገና አልደረሱም። እንግድነት እንዳይሰማው ወጥተው እጁን ስለጨበጡት አመሰግናለሁ። ግን እባክዎ፣ በጣትዎ የሚያሳዩት የትኛውን መስኮት ነው?