በራችን ላይ የሞተው ዋስ

ውድ ወንድሜ ሱርሲን፣

«ውድ» ያልኩህ ደብዳቤ እንዲህ ስለሚጀመር ነው። ሌላ ምክንያት ካገኘሁ እነግርሃለሁ።

ቤተ መንግሥቱን ሆቴል አድርገህ፣ አስመርቀህ፣ ተጨብጭቦልህ ወደ ሙምባይ ተመለስክ። መግቢያው ላይ በነሐስ ያስቀረጽከውን የዘራችንን ታሪክም አነበብኩት። «የካርሶት ነገሥታት ከፀሐይ የተወለዱ» ይላል። እኛ ደግሞ መቼ ነው የነገሥነው? የመሥራቻችን የዋጎጂ ሙያ የሰው ከብት መንዳት ነበር፤ ብዙ ሲሰርቅ ጊዜ ሌባ መባሉ ቀረና ጌታ ተባለ። እንግሊዞች ለትልልቆቹ መሳፍንት ክብር መድፍ ሲያስተኩሱ እኛን ርችት እንኳ ነፍገውናል። ወንዱ አያታችን በሠርጉ ቀን ፈረስ ላይ መቀመጥ እስኪያቅተው ጠጥቶ፣ እንደ አገራችን ልማድ በራሱ ፋንታ ጎራዴውን ልኮ ነው ሚስት ያመጣው። ሴቷ አያታችንም እስክትሞት ድረስ «እኔ ያገባሁት ጎራዴውን ነው፤ ደግነቱ እሱ አይጠጣም» ትል ነበር። ይህን ለምን አላስቀረጽከውም? እንግዶችህ ከልባቸው ይስቁልህ ነበር።

የፀሐዩን ነገር ካነሳሁ አይቀር፣ ከፀሐይ ተወለድን ባልክበት ወር የመንደሩን ግጦሽ ለፀሐይ ኤሌክትሪክ ኩባንያ ልታከራይ ተስማምተሃል። በዘራችን ብዙ ጉድ ተሠርቷል፤ አባቱን ያከራየ ግን አንተ የመጀመሪያው ነህ።

ይህን ሁሉ ስቄ ባለፍኩት ነበር። የድንጋዩን ነገር ግን አላልፈውም።

ከግጦሹ ጫፍ በትራክተር አስነቅለህ ሆቴልህ በር ላይ ያስተከልከው የመታሰቢያ ድንጋይ «መሥራች አባታችን ዋጎጂ ለጠላት እጅ ላለመስጠት ራሱን ሲሰዋ» የሚል ተጽፎበታል። አንተ ሰው፣ ዓይን የለህም? የእኛ ሰዎች በድንጋይ ሲቀረጹ ፈረስ ላይ ናቸው። ይህ ሰው እግረኛ ነው፤ ጩቤውንም የደገነው በገዛ አንገቱ ላይ ነው። ልጅ ሳለህ አዳሪ ትምህርት ቤት ባትላክ ኖሮ ማን እንደሆነ ማንም እረኛ ይነግርህ ነበር።

ሃርዳስ ይባላል፤ ቻራን ነው። ቻራኖች ለመኳንንት ግጥም የሚገጥሙ ወገኖች ናቸው፤ የአንዳቸው ደም በበሩ የፈሰሰበትን ቤት እርግማን ይወርሰዋል። ዋጎጂ ግጦሹን አልነካም ብሎ ለከብት አርቢዎቹ ሲምል ማንም አላመነውምና ዋስ ጥራ ተባለ። ሃርዳስ ዋስ ሆነለት። ዓመት ሳይሞላ ዋጎጂ ቃሉን በላ። ሃርዳስም እዚሁ በር ላይ መጥቶ «ቃል የበላኸው አንተ፣ ዋሱ እኔ፤ ደሜ በቤትህ ላይ ይሁን» አለና ጩቤውን አንገቱ ላይ ሰካው። ያን ጊዜ ነው ዋጎጂ ደንግጦ ግጦሹን የለቀቀው፤ ድንጋዩም ድንበሩ ላይ ቆመ። ከዚያ ወዲህ ካርሶት የተባለ ሁሉ ድንጋዩ ከሚታይበት ቦታ ውሃ አይጠጣም። አባታችን እንኳ፣ ያ ማንንም የማያፍር ሰው፣ እዚያ ሲደርስ በጥምጣሙ ጫፍ ፊቱን ይሸፍን ነበር። አንተ ግን በፊቱ ውስኪ አስቀዳህ።

በዚህ መች አበቃህ። በምረቃው ዕለት ጥምጣምህን አውልቀህ ከድንጋዩ ሥር አኖርክ፣ ግንባርህንም አስነካህ። ፎቶ አንሺው እንደ መኳንንቱ «ባፑ» ብሎ ጠርቶህ «አንዴ ይድገሙት» ሲልህ ደገምከው። ከዚያም አገር ቆሞ እየሰማ «ቃልህ ቃሌ ነው» አልክ። ወራሽ በአባቱ ድንጋይ ፊት የሚለውን ማለትህ ነበር። ድንጋዩ ግን የዋሳችን ነው፤ የእሱ ቃል ደግሞ ግጦሹ አይነካም የሚል ነው።

የአርቢዎቹ ሽማግሌ ራንማል ከጎኔ ቆሞ ነበር።

«እሜቴ፣ ባፑ አሁን ምን አሉ?»

«የሰማኸውን ነዋ።»

«ለማን እንዳሉት ያውቃሉ?»

«የእኔ ወንድም? የገዛ ስሙንም የሚያውቀው በሩ ላይ ስለተጻፈለት ነው።»

ሳቁን በሻሹ አፈነ። ወዲያው ደግሞ ዓይኑ እንባ አቀረረ። «ይሁና! ሳያውቁም ቢሆን ብለዋል። ከብቶቻችን ተረፉ» አለኝ።

እኔም ሞኟ አመንኩት። በማግስቱ ደውዬ የሃርዳስን ነገር በችኮላ ነገርኩህ፤ ምን እንዳልከኝ ረስተኸው ከሆነ እነሆ።

«እትዬ ሙች፣ ባለጉዳይ ፊቴ አስቀምጬ ስለ ድንጋይ ታወሪኛለሽ?»

«ቃል ገብተሃል እኮ።»

«ለፎቶ ነዋ! ካማራቸው ደሞ አንዱ ቻራን መጥቶ ጩቤውን ይምዘዝ። በሬ ላይ ዘበኛ አለኝ።»

እስከዚያች ሰዓት ድረስ እስቅብህ ነበር እንጂ አልናቅኩህም። ዋጎጂ ሌባ ነበር፤ ግን ደም ሲያይ ደንግጧል። አንተ ለመደንገጥ እንኳ አልበቃህም። ያንተ ታናሽነት በዕድሜ ብቻ ይመስለኝ ነበር።

ራንማል ያልከውን ሲሰማ የሃርዳስን ዘር፣ እማማ ጂቪን ይዟት መጣ። ዱላዋን ተደግፋ ድንጋዩን ዞር ዞር ብላ አየችውና በነጠላዋ የተደፋበትን ውስኪ ጠረገችለት።

«ዋስ ሁኚ ብለውኛል» አለች። «እኔ ግን እዚህ በር ላይ የፈሰሰው የእኛ ደም ይበቃል ብያለሁ። አሁን ዋሱን ከገዛ ቤቱ ይጥራ።»

«ወንድሜ ዋስ የሚጠራ ሰው አይደለም» አልኳት።

«እሱን ማን ጠየቀ? የማየው አንቺን ነው።»

ፈራሁ ሱርሲን፤ አልዋሽህም። ባሌ ሞቶ ወደዚህ ከተመለስኩ ወዲህ ያለ አንተ ጣሪያ መግቢያ የለኝም። ነገር ግን ራንማልን አየሁት። ግጦሹ ከተወሰደ እነዚህ ሰዎች ከብቶቻቸውን ሸጠው ሆቴልህ ውስጥ ሣህን ሊያጥቡ ነው። እኔም ዕድሜ ልኬን የእነሱን ቅቤ የበላሁ ነኝ። ድንጋዩ ፊት ለፊት እያየኝ ከእማማ ጂቪ መዳፍ ውሃ ጠጣሁ፤ በአገራችን ዋስነት እንዲህ ይታሰራል። ከካርሶት ወገን እዚያ ውሃ የጠጣ ከእኔ በፊት አልነበረም። እስከ መጨረሻዋ ጠብታ ጨረስኩት።

ይህን የምጽፍልህ በርህ ላይ ምንጣፌን አንጥፌ ተቀምጬ ነው። ጩቤ የለኝም፤ ለአንተ ቃል ደም ማፍሰስ ብክነት ነው። እህል ግን አልቀምስም። ዘበኛህ «እሜቴ፣ እባክዎ ይነሡልኝ፣ እኔን ያባርሩኛል» እያለ ያለቅሳል። ጥላ ይዞልኝ ቆሟል፤ እንዳትቆጣው፣ በቤትህ ካሉት ሰው የሆነው እሱ ነው። እንግዶችህ ሻንጣቸውን ይዘው ሲደርሱ «ይህቺ አሮጊት ምን ሆና ነው?» ይሉታል፤ እሱም ከሥሩ ጀምሮ ይነግራቸዋል። ከነሐሱ ይልቅ እሱን ቆመው ያዳምጣሉ። ትናንት አንድ ባልና ሚስት ሰምተው ሲጨርሱ ጫማቸውን አውልቀው ለሃርዳስ እጅ ነሡና መኪናቸውን አስነስተው ተመለሱ።

የኩባንያው ሰዎች መሬቱን ሊረከቡ ሲመጡ ውሉን የምትፈርመው እዚሁ ቤት ነው አሉ። መግቢያው አንድ ነው። ውሉን ቀድደህ ና፣ አንሣኝ፤ ካልሆነም እግርህን አንሣና ተራምደኸኝ ግባ።

ዋስህ፣
ሞንጊባ