ዓርብን ላስቀሩብን የጊዜ ግንብ አዛዥ

ደባርቅ
ሐሙስ፣ ለአሥራ አንደኛ ጊዜ

ከሊማሊሞ ቁልቁለት ሥር፣ ሦስት መቶ ደረጃ ወደ ምድር ተወርዶ ለሚገኘው የጊዜ ግንብ አዛዥ፣

ክቡር ሆይ፣ ፀሐይ በማትደርስበት በዚያ አዳራሽ ጤናዎ እንዴት ሰንብቷል? ጉልበትዎስ ደረጃውን ይችለዋል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን፤ ልክ ትናንት እንደነበርነው ነን፤ ከትናንት በስቲያም እንደዚሁ ነበርን።

ይህን ግልጽ ደብዳቤ የምጽፍልዎት ስለ ጢሜ ነው። ፊደል የለየሁት ከዱቄት ከረጢት ላይ ስለሆነ የአጻጻፍ ጉድለት ቢያገኙ ይለፉኝ። ጢሜ ያሳክከኛል። የሠላሳ ዘጠኝ ቀን ጢም ነው፤ አሥራ አንድ ማለዳ መስታወት ፊት ቆሜ አይቼዋለሁ፣ አንዲት ፀጉር አልጨመረም። እንደሚያውቁት እኛ ለሞተብን ሰው ያሳደግነውን ጢም የምንላጨው በአርባው ነው፤ አርባውን ቀን ደግሞ እርስዎ ቆልፈውበታል። ስለ ጢሜ ይህን ካልኩ፣ የቀሩትን ጥቃቅን ጉዳዮች በተራ ላቅርብ።

አንደኛ። ግንብዎ ውለታ እንዳለው አልክድም። ባለፈው ኅዳር ዶፍ ሊወርድ ሲል፣ በአስማታችሁ ቀኑን ሦስት ሰዓት አስረዝማችሁልን ገብሳችንን አስገብተናል። ስለዚህ የእህቴ የየትናየት ተዝካር አንድ ቀን ሲቀረው፣ ሐሙስ መሽቶ እንደገና ሐሙስ ሲነጋ፣ የደባርቅ ሰው በጎ ነገር አስባችሁልን ይሆናል ብሎ ዝም አለ። ስለ ትዕግሥታችን ከእናንተ ምስጋና ስላልደረሰን ራሳችንን አመስግነናል።

ሁለተኛ። የአምባራስ ዘመዶቻችን ለዓርብ ተጠርተዋል። በየሐሙሱ ጠዋት በቅሎ ጭነው ይነሣሉ፤ መንገድ ላይ፣ ቡይት ራስ ሲደርሱ ይመሽባቸዋል፤ ሲነጋ ተመልሰው አምባራስ ናቸው። የአክስቴ ልጅ አለምነህ በስልክ፣ «ይግዛው፣ በቅሎዋ መንገዱን ሸምድዳዋለች፤ እኔ ልቅርና እሷን ብቻ ልላካት?» አለኝ። ሳቅሁ። ከዚያ ለምን እንደሳቅሁ ጠፋኝ። ሰሞኑን እንዲህ ነኝ፤ አላዝንም፣ አልደሰትም፣ እንደ ረጋ ውኃ ተቀምጫለሁ።

ሦስተኛ። በራችሁ ላይ የሚቀመጠው ጸሐፊ፣ አቶ ሕሩይ፣ እጅግ ጨዋ ሰው ነው። ወርጄ ዓርብን በጠየቅሁት ቁጥር ከወንበሩ ብድግ ብሎ፣ «አባት፣ ነገ ይመለሱ» ይለኛል። ነገን ያስቀረ መሥሪያ ቤት ነገ ተመለስ ሲለኝ ሰባት ጊዜ ሰምቻለሁ፤ አንድም ጊዜ ሰውየው ፈገግ አላለም። እንዲህ ያለ የሥራ ዲሲፕሊን ሊሸለም ይገባዋል።

አራተኛው ቀልድ የለውም። በስምንተኛው ሐሙስ ሕሩይ መዝገቡን ገልጦ አሳየኝ። ዓርብ የቀረው በማመልከቻ ነው፤ ያመለከተችውም የእህቴ ልጅ እስከዳር ናት። የእናቷ አርባ እንዳይመጣ ጠይቃለች። ከሌላው ሰው ሦስት ምስክር የምትፈልጉት እናንተ፣ በቀብሩ ቀን ከመቃብር በቀጥታ የመጣችን ልጅ ምንም ሳትጠይቁ በዚያው ዕለት አስተናገዳችኋት። ስለ ፈጣን አገልግሎታችሁ ከልብ አመሰግናለሁ።

ሄጄ ጠየቅኋት። ከቤቷ አትወጣም፤ ጥቁሯን እንደለበሰች መደብ ላይ ተቀምጣለች።

«አጎቴ፣ ተዝካሩ ካለፈ ሁሉም ወደ ጉዳዩ ይሄዳል» አለችኝ። «እርስዎም ይላጫሉ። እናቴም የሞተች ሴት ትሆናለች።»

«አሁንስ ምንድን ናት?»

«አሁንማ ገና የሚለቀስላት ናት።»

ይህችን ልጅ ሁልጊዜ የማስቃት እኔ ነበርኩ።

ነገር ግን ክቡር ሆይ፣ የነፍስ አባታችን እንደሚያስተምሩን ነፍስ ማደሪያዋን የምታውቀው በአርባኛው ቀን ነው። እንግዲህ የትናየት ደጅ ላይ ቆማለች ማለት ነው። እህቴ በሕይወቷ ወረፋ አትወድም ነበር፤ ወፍጮ ቤት ስልቻዋን ከኋላ አስቀምጣ ትሄድና፣ በምን ጥበብ እንደሆነ ሳይታወቅ ከፊት ትገኝ ነበር። አሁን አሥራ አንድ ቀን ቆማለች፤ የምትሸውደውም ሰው ያገኘች አይመስለኝም። ትናንት፣ ማለትም በዚችው ሐሙስ፣ ይህንኑ ለእስከዳር ነገርኳት። ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች።

ሕሩይ እንደሚለው ማመልከቻውን መሻር የምትችለው ያመለከተችው ብቻ ናት። እኔ ግን እርስዎን እለምናለሁ፤ በሥልጣንዎ ይሻሩት። ልጅቱ እናቷን በገዛ ፊርማዋ ሁለተኛ እንድትቀብር አያድርጉ። ሌላ ጥያቄ የለኝም። ጢሙም ቢሆን ይቆይ።

ከመሬት በላይ የሚኖር፣ ሐሙስን ከነሰዓቱ በቃሉ ያጠና፣ ለታላቅነትዎ ዝቅ ብሎ እጅ የሚነሣ ታዛዥዎ፣

ይግዛው

ማስታወሻ፦ ይህን ደብዳቤ ስጽፍ አራተኛዬ ነው። ከግንብዎ ውጭ የተጻፈ ሁሉ ሲነጋ ስለሚጠፋ፣ በየማለዳው ወረቀቱ ባዶ ሆኖ ይጠብቀኛል። መልስ ባለመስጠትዎ አልቀየምኩም፤ ቅሬታን ሳይደርሰው በፊት የሚያጠፋ መሥሪያ ቤት በማግኘታችን እንኮራለን እንጂ። ደግሞም

ይቅርታ ክቡር ሆይ፣ በር ተንኳኳ።

እስከዳር ናት። አሥራ አንድ ሐሙስ ከደጃፏ ያልወጣችው ልጅ፣ ነጠላዋን ዘቅዝቃ፣ ባትሪ ይዛ ቆማለች። «ደረጃው ጨለማ ነው አጎቴ» ትለኛለች፤ «ያን ጊዜ ብቻዬን ወርጄዋለሁ። ዛሬ ግን አልችልም። ይነሡ።»

ማመልከቻዋን አውጥታችሁ ጠብቁን።